የሟቹ ሱዋቪ ሆጃ አዳራሽ

ሱዋቪ ሆጃ የዕድሜውን እኩሌታ ያሳለፈው እንጨት ላይ ተቀምጦ ነው። ተጫዋች በነበረበት ዘመን የታሽ ኢስኬሌ ቅርጫት ኳስ ቡድን ተጠባባቂ ነበር፤ አሰልጣኝ ሲሆንና ሰዉ ሆጃ፣ መምህር ማለት ነው፣ ሲያነጋግረውም ሆጃም፣ መምህሬ፣ ይለው ሲጀምር ደግሞ ያው አግዳሚ ወንበር ላይ ትንሽ ወደ ቀኝ ጠጋ ብሎ ተቀመጠ። በእኛ ሰፈር ይህ እድገት ይባላል። ኢዝሚር ውስጥ ባሕር ዳር ያለ ሰፈር ሁሉ አንድ ክለብ፣ አንድ ዓሣ ገበያና ሽንፈት በመጣ ቁጥር የሚረገም አንድ ሰው አያጣም። የእኛው ሰው እሱ ነበር።

ቅርጫት ኳስ የጀመረው ወዶ እንዳይመስላችሁ። የትምህርት ቤቱ የስፖርት መምህር ልጆቹን በቁመት አሰለፏቸውና ጫፍ ላይ የቆመውን መዘው አውጥተው ተጫዋች እንደሆነ ነገሩት፤ እሱም አመነ። ቁመት ነበረው፣ ዝላይ ግን አልነበረውም። ኳስ ሲደርሰው የሰው ዕቃ እንደተቀበለ ሰው በሁለት እጁ አቅፎ ይቆማል። ስለዚህ አሰልጣኞቹ የሚያስገቡት ጨዋታው ካለቀለት በኋላ ነው። ድምፅ ማጉያ የያዘው ሰውዬ የቋሚ ተሰላፊዎቹን ስም አንድ በአንድ እየጠራ ሕዝቡን ሲያስጨበጭብ ይቆይና ተጠባባቂዎቹ ላይ ሲደርስ "እና ሌሎችም" ብሎ ያልፋል። ሱዋቪ ወጣትነቱን በሙሉ "ሌሎችም" ተብሎ ኖረ። ይህች ነገር ከሆዱ አልወጣችም። ከዚያ በኋላ በዚህ ዓለም ላይ የሚመኘው አንድ ነገር ብቻ ሆነ፤ ስሙ ከፍ ብሎ ሰው ሁሉ በሚያየው ቦታ ተጽፎ ማየት።

አሰልጣኝ ሆኖ ስም ለማትረፍ ቢሞክርም ሳፈት ቤይ አላስቀመጠውም። ሳፈት ቤይ፣ አቶ ሳፈት እንደማለት ነው፣ የክለቡ ፕሬዚዳንት ነው። ሥራው ፍራሽ መሸጥ ነው፤ ከፍራሽ ሌላ የሚያውቀው ነገር ስለሌለ ስለ ቅርጫት ኳስ አስተያየት አያልቅበትም። ቡድኑ ሲሸነፍ ሱዋቪን ቢሮው ይጠራውና ሻይ ያስቀዳል፤ ስለ ጤናው፣ ስለ ባለቤቱ ይጠይቀዋል። ሻዩ ሲያልቅ መንገዳችን ተለያየ ይለውና በሰማያዊ ከፋይ ሳጥን የተቀመጠ የምስጋና ሰሌዳ ያስታቅፈዋል። ከዚያ ሁለቱ ጎን ለጎን ቆመው ጥርሳቸውን እያሳዩ ፎቶ ይነሳሉ። እኛ አገር ሰው ያለ ሰሌዳ አይባረርም፤ ነውር ነው። ጥቂት ወራት አልፈው አዲሱ አሰልጣኝ ደግሞ የራሱን ሰሌዳ ሲቀበል የሱዋቪ ስልክ ይጮሃል። እንዲህ ሲባረርና ሲመለስ ቤቱ በሰሌዳ ሞላ። ባለቤቱ ነዚሄ ሃኒም፣ ወይዘሮ ነዚሄ ማለት ነው፣ ትኩስ ድስት ማስቀመጫ አደረገቻቸው፤ በዚያ ቤት የዓሣ ሾርባ የሚወጣው "ላደረጉልን የማይረሳ አገልግሎት" በሚል ጽሑፍ ላይ ነበር።

አዲሱ የስፖርት አዳራሽ ተሠርቶ ያለቀው ሱዋቪ ስድሳ ዓመት በሞላው ሰሞን ነው። አዳራሹ በእኛና በጎረቤታችን በደይርመን ሰፈር መካከል ስለተሠራ ሁለታችንም የኛ ነው እንላለን። ጠቡ ስሙ ላይ ነበር። የማዘጋጃ ቤቱ ምክር ቤት በሕይወት ላለ ሰው ስም አይሰጥም። ድሮ ይሰጥ ነበር፤ ግን አንድ መናፈሻ በስሙ የተሰየመለት ሰውዬ በዓመቱ ተቃዋሚ ፓርቲ ገባና ሁሉም ነገር ተበላሸ። ከዚያ ወዲህ በሞተ ሰው ብቻ እንዲሆን ወሰኑ፤ የሞተ ሰው ሐሳቡን አይቀይርም።

ደይርመኖች ደግሞ ደህና ሟች ነበራቸው። ሐጂ ሩሽዲ የሚባሉ የትምባሆ ነጋዴ ናቸው። በሕይወታቸው ኳስ ነክተው አያውቁም፤ ነገር ግን ከሞቱ ቆይተዋል። እኛ ያለን ሱዋቪ ነው፤ የጎደለው መሞት ብቻ። ያም ሆኖ ተስፋ ስላልቆረጠ ሙሉ ልብሱን ለብሶ ከንቲባው ጋ ሄደ። ከንቲባው አቅፈው ተቀበሉት፣ ለታሽ ኢስኬሌ የደከመውን ድካም ዘረዘሩለት፣ በሩ ድረስም ሸኙት።

"ሆጃም፣ ይህ አዳራሽ ለእርስዎ ይገባዎታል" አሉት ትከሻውን መታ መታ እያደረጉ። "ትንሽ ብቻ ይታገሱን።"

ሱዋቪ ደስ ብሎት ወጣ። የሚታገሰው ምን እንደሆነ የገባው ጀልባ ላይ ከተሳፈረ በኋላ ነው።

በዚያው ሰሞን የሊጉ የመጨረሻ ጨዋታ ደረሰ። ተጋጣሚያችን ደይርመን ነው፤ ከተሸነፍን ወደ ታችኛው ሊግ እንወርዳለን። ሱዋቪ ልምምድ ላይ ሲጮህ ሰንብቶ ድምፁ ተዘግቶ ነበር። የጨዋታው ዋዜማ ዕለት ነዚሄ ሃኒም አንገቱን በሻርፕ ጠምጥማ አስተኛችውና ስልኩን አጥፍታ መሳቢያ ውስጥ ከተተችው።

የደይርመን ደጋፊዎች በዚያ ቀን ያደረጉትን ያደረጉት እኛን ለማብሸቅ ነው። በእኛ ዘንድ ሰው ሲሞት ቤተሰቡ የሎክማ መኪና ያስመጣል። መኪናው አደባባይ ላይ ይቆምና ሊጥ ድብልብል እየተደረገ በዘይት ይጠበሳል፤ ስኳር ውሃ ውስጥ ተነክሮም ለሟቹ ነፍስ ተብሎ ላለፈ ላገደመው ሁሉ ይታደላል። ሰዉ መጀመሪያ ይሰለፋል፤ ማን እንደሞተ የሚጠይቀው ቆይቶ ነው፣ ከጠየቀም። ደይርመኖች ታዲያ የሎክማ መኪና ተከራይተው አደባባያችን ላይ አቆሙና የሱዋቪን ትልቅ ፎቶ ለጠፉበት። ከፎቶው ሥር "ለታሽ ኢስኬሌው አሰልጣኝ ለሱዋቪ ነፍስ" ብለው ጻፉ። ከዚያ ዝቅ ብሎ "ነገ እንቀብረዋለን" የሚል ተጨምሮ ነበር፤ ቀልዱ ያለው እዚያ ላይ ነው። ሎክማው በነፃ ነውና ሰልፉ በአንድ አፍታ እየተጠማዘዘ ዓሣ ገበያው ደረሰ፤ የታችኛውን ጽሑፍም የተሰለፈው ሕዝብ ጋረደው።

ከንፈር መምጠጡ ከዚያ ተጀመረ። ትናንት ልምምድ ላይ ያየው ሰው "ፊቱ እኮ ጥሩ አልነበረም" አለ። አንዷ ሴት አላህ ይማረው ብላ ቀረፋ እንዲጨምሩላት ጠየቀች። ስልኩ ሲደወልለት ዝግ ነው። የምክር ቤቱ አባላት ደግሞ ልክ በዚያ ሰዓት በአዳራሹ ስም ላይ ሲጨቃጨቁ ነበር። አንደኛው አባል አርፍዶ፣ የአፉን ስኳር በመሐረብ እየጠረገ ገባና ወሬውን ነገራቸው። ሁሉም ተነሱ፣ ፋቲሃ ተቀራ፣ እጅ ወጣ፤ የተቃወመም ድምፀ ተዓቅቦ ያደረገም አንድም ሰው አልነበረም። የደይርመን ተወካዮችም አለቀሱ። ገና ያልቀዘቀዘ ሬሳ ላይ ማን ተቃውሞ ድምፅ ይሰጣል?

ሱዋቪ መሞቱን የሰማው ከጎረቤቱ ከሙአላ ሃኒም ነው። ለለቅሶ የሚሆን ጣፋጭ ሃልዋ በሳህን ይዛ መጥታ በሩን ስታንኳኳ ራሱ በፒጃማው ከፈተላት። ሳህኑ ደፉ ላይ ወደቀ። ከዚያ ደረጃውን እያለከለከ የወጣው ሳፈት ቤይ ነበር፤ ሱዋቪን በሕይወት ሲያገኘው እልል አላለም፣ አላቀፈውምም።

"ማን ማን አይቶሃል?" አለ በሩን ከኋላው እየዘጋ።

ሱዋቪ በተዘጋ ድምፁ ሙአላ ሃኒም ብቻ መሆኗን ነገረው።

"እሷን እኔ አናግራታለሁ። ስማኝ ሆጃም፣ ውሳኔው ተወስኗል፤ አዳራሹ ባንተ ስም ሆኗል። ሰኞ ፊደሎቹ ይሰቀላሉ። ነገ ጨዋታ ላይ ብቅ ካልክ ግን የትምባሆ ነጋዴው ስም ይወጣል፤ እኛም ዕድሜ ልካችንን ሐጂ ሩሽዲ አዳራሽ ስንጫወት እንኖራለን።"

"ጨዋታውስ?"

"ምክትልህ ኦዛን አለ አይደል። ኮምፒውተርም አለው።"

ሱዋቪ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠ። አዲሱ አዳራሽ በሩ ላይ ስሙን ተሸክሞ በዓይነ ኅሊናው መጣበት። ያን ቀን እንቢ ቢል ኖሮ ይህን ታሪክ የሚነግራችሁ ሰው ባልኖረ ነበር። ራሱን በእሺታ ነቀነቀና ሻርፑን አጥብቆ ተመልሶ ተኛ።

ጨዋታውን የሰማው በሬዲዮ ነው። መጀመሪያ ስሙ ተነሳና አዳራሹ በሙሉ ቆሞ በጸሎት አሰበው። ሱዋቪም አልጋው ላይ ቀና ብሎ ተቀመጠ፤ ዝም ብሎ መተኛት ነውር መሰለው። ልጆቹ ክንዳቸው ላይ ጥቁር ጨርቅ አስረው ገቡና ደይርመንን አርበደበዱት። ኦዛን ሱዋቪ ለዓመታት ሲከለክል የኖረውን ሁሉ ፈቀደላቸው፤ ከሩቅ ወረወሩ፣ ሮጡ፣ አገቡ። ጋዜጠኛው ድሉ ለሟቹ አሰልጣኝ መታሰቢያ መሆኑን ሲናገር ሱዋቪ አለቀሰ። ከደስታ ነው ወይስ ከቅናት የሚለውን ነዚሄ ሃኒም ልትጠይቀው አስባ ነበር፤ ኋላ ተወችው።

ሰኞ "የሟቹ ሱዋቪ ሆጃ የስፖርት አዳራሽ" የሚል ነሐስ መሳይ ጽሑፍ በሩ ላይ ወጣ። በሳምንቱ ሟቹ ዓሣ ሲገዛ ያላየው ሰው አልነበረም። ታዲያ እኛ ታሽ ኢስኬሌዎች እውነት ነው ብለን አዳራሽ የምናስነጥቅ ሰዎች አይደለንም። ደይርመኖችም ስሙን ያጡት በገዛ ቀልዳቸው መሆኑ እንዳይወጣባቸው ትንፍሽ አላሉም። ማንም ማንንም ሳያማክር ሰፈሩ በሙሉ ተስማማ፤ ሱዋቪ ለማዘጋጃ ቤቱ ሞቷል፣ ለዓሣ ነጋዴው ግን አለ። ሻይ ቤት ሲገባ "ና ሟቹ፣ እዚህ ጋ ቦታ አለ" ይሉታል። ከንቲባው መንገድ ላይ ሲያገኙት ዓይናቸውን ወደ ባሕሩ አዙረው ያልፋሉ።

መሞቱ ደግሞ ተስማማው። አምስት ተጫዋች ቆጥሮ ማስገባት አይችልም እያለ ሲያማው የኖረው ዓሣ ነጋዴ አሁን የእሱ ዓይነት ጭንቅላት በመቶ ዓመት አንዴ እንደሚፈጠር ያወራል፤ ለዚያውም ፊት ለፊቱ፣ ዓሣውን እየመዘነለት። ወንበር ላይ ያደረቃቸው የድሮ ተጫዋቾቹ እንደ አባት ነበር አሉ። ሱዋቪ አመሻሽ ላይ አዳራሹ በር ፊት ለፊት ይቆምና እጁን ከኋላው አጣምሮ ስሙን ያነባል። አንብቦ ሲጨርስ ከመጀመሪያው ይጀምራል።

ችግሩ የመጣው አዲሱ የውድድር ዓመት ሲከፈት ነው። ሱዋቪ ፊሽካውን ይዞ ልምምድ ቦታ ሄደ፤ ሳፈት ቤይ በር ላይ ጠብቆ መለሰው። ሟች ወንበር ላይ አስቀምጦ ሊጉን ምን ሊል ነው? ቡድኑ ለኦዛን ተሰጠ። ኦዛን የሚያሰለጥነው ከኮምፒውተሩ ላይ ነው፤ የሐዘኑ ጉልበት ካለቀ በኋላ ደግሞ ልጆቹ በተከታታይ ይሸነፉ ጀመር። ሱዋቪ በገዛ ስሙ ወደተሰየመው አዳራሽ ትኬት ቆርጦ እየገባ ከተመልካች መሃል ይቀመጣል። አንድ ቀን አላስችል ብሎት ተነስቶ "ዞን ያዙ!" ብሎ ጮኸ፤ ሰው በሰው መያዙን ትታችሁ ቦታ ተከፋፍላችሁ ተከላከሉ ማለቱ ነው።

ከኋላው የተቀመጠ ወጣት ትከሻውን ነካ አደረገው። "ጋሼ፣ ይቀመጡ እባክዎ። ሟቹ ሆጃ ዞን አይወድም ነበር።"

ሱዋቪ ዞረ። ወጣቱ ሲያውቀው ፊቱ ቀላ፤ ይቅርታም ጠየቀው። ጥቂት አሰብ አድርጎ ግን "ቢሆንም አይወዱም ነበር" አለ።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ሱዋቪ አዳራሹ በር ላይ መቆሙን ተወ። ምግብ ጠላ። ዓሣ ነጋዴው ሲያወድሰው ሂሳቡን ከፍሎ ይሄዳል። ሙት መባል መጀመሪያ ላይ ዕረፍት ነበር፤ አሁን ግን የሚሰድበው ሰው እንኳ የለውም። ሲሸነፍ ሰፈር የሚያስነሳ ሰውዬ ሲያሸንፉም ሲሸነፉም ከማይጠየቅበት ቦታ ደረሰ፤ ይህ ደግሞ እንዲህ ይጎዳል ብሎ ያሰበ ማንም አልነበረም። ነዚሄ ሃኒም ከዕለታት አንድ ቀን ሳህኑን ሳይነካ ሲያስመልሳት ጭልፋውን አስቀመጠች።

"ስማ ሱዋቪ" አለችው። "እኔ ባሏ የሞተባት ሴት ነኝ፤ ለሟቹ ደግሞ በየቀኑ ዓሣ እጠብሳለሁ። ስምህን ፈለግህ፣ አገኘህ። አሁን ምንድነው የጎደለህ?"

"ልጆቹ እየወረዱ ነው።"

"ሂድና አሰልጥናቸዋ።"

"ከሄድኩ ስሜን ያወርዱታል።"

"ያውርዱታ" አለችና ሳህኑን አነሳች። "አንተ ራስህ ወርደህ ካለቅህ እኮ ሰነበትክ።"

ደይርመን ዳግመኛ የመጣው በየካቲት ነው። ከተሸነፍን ከመጨረሻው ደረጃ ንቅንቅ አንልም። አዳራሹ ሞልቶ ነበር፤ ከንቲባውና ሳፈት ቤይ የክብር ቦታው ላይ ጎን ለጎን ተቀምጠዋል፤ ሱዋቪ ሰባተኛው ረድፍ ላይ ከነሻርፑ አለ። የጨዋታው ሦስተኛ ሩብ ሲያልቅ በሰፊው እየተመራን ነበር። ኦዛን በዕረፍቱ ልጆቹን ሰብስቦ ኮምፒውተሩን አሳያቸው። ልጆቹ አላዩትም። አምበሉ ቦራ ላቡን በማሊያው ጠረገና ወደ ተመልካቹ ቀና አለ።

"ሆጃም፣ ምን እናድርግ?" አለ ሰው ሁሉ እየሰማው።

 ሳፈት ቤይ ከክብር ቦታው አትነሳ እያለ በዓይኑም በእጁም ምልክት ሰጠው፤ ከንቲባው ጣሪያውን ማየት ጀመሩ። ሱዋቪ ወንበሩን በሁለት እጁ ያዘ። እንዲህ ተቀምጦ ከቆየ ስሙ እሱ ከሞተ በኋላም በሩ ላይ ይኖራል፤ ይህን አሳምሮ ያውቃል። ከዚያ ረጅም እግሩን ሰብሰብ አደረገና የሰዉን ጉልበት እየተሻገረ ደረጃውን ወረደ። ኦዛን፣ ይባረክ፣ የአሰልጣኝነት መታወቂያውን ከአንገቱ አውልቆ አጠለቀለትና ቦታውን ለቀቀለት።

ሱዋቪ አግዳሚው ላይ ሲቀመጥ ሰውነቱ ወንበሩን አወቀው። ድምፁ ተመለሰ። ቦራን ሰደበ፣ ረጅሙን ልጅ አንተ የበር መቃን አለው፣ አንዱን አስወጥቶ አንዱን አስገባ። ነጥቡ ቀስ በቀስ ተቀራረበ፤ ሰዓቱ ሊያልቅ ጥቂት ሰከንዶች ሲቀሩ እኩል ሆንን። በዚህ መሃል ዳኛው ቦራ ላይ ጥፋት ነፋ። ጥፋት አልነበረም። ሱዋቪ መስመሩን አልፎ ገባና የዳኛውን ዓይን፣ የትውልድ ከተማውንና ፊሽካ ያስያዘውን ሰው አንድ በአንድ አነሳ።

ዳኛው ከአንካራ የመጣ ስለሆነ ስለ ሰፈራችን ስምምነት የሚያውቀው ነገር የለም። በሁለት እጁ ለስድብ የሚሰጠውንና ለተጋጣሚ ነፃ ውርወራ የሚያስገኘውን የቴክኒካል ፋውል ምልክት አሳየና ወደ ጠረጴዛው ሄዶ በአሰልጣኙ ስም እንዲመዘገብ አዘዘ። ጠረጴዛ ላይ የተቀመጠው የእኛው የሰፈር ሰው ነው፤ እስክሪብቶውን አላነሳም።

"አይቻልም ጌታዬ" አለ አንገቱን ሰበር አድርጎ። "እኚህ ሰው ሞተዋል።"

ዳኛው ሱዋቪን ከእግር እስከ ራስ አየው። "ታዲያ የሰደበኝ ማነው?"

 ሳፈት ቤይ ከላይ ወደ ሱዋቪ ጣቱን ከንፈሩ ላይ አድርጎ ለመነው። ነገሩ ግልጽ ነበር፤ ሱዋቪ ዝም ካለ ፋውል የሚጻፍበት ሰው የለም፣ ነፃ ውርወራም የለም፣ ስሙም ከበሩ አይነቃነቅም። ሁሉንም በአንድ ዝምታ ሊያተርፍ ይችል ነበር።

"እኔ ነኝ የሰደብኩህ" አለ ሱዋቪ ሆጃ። "ሱዋቪ እባላለሁ። አልሞትኩም። ጻፍ አንተ፣ ጻፍ!"

ተጻፈ። ደይርመን ነፃ ውርወራዋን አገባ፤ ከዚያም ኳሷን ይዞ ሰዓቱን ጨረሰና በአንድ ነጥብ አሸነፈን። እስከ ትናንት አላህ ይማረው ሲል የነበረው ሕዝብ በአንድ ድምፅ "ሱዋቪ ልቀቅ! ሱዋቪ ልቀቅ!" ማለት ጀመረ። ዓሣ ነጋዴው ከሁሉ በላይ ይጮኻል። ሱዋቪ ወገቡን ይዞ ቆሞ እያንዳንዷን ስድብ ሰማ፤ ከብዙ ወራት በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ ራበው።

የአሮጌውን አዳራሽ ጣሪያ ለመጠገን ዘጠኝ ዓመት የፈጀበት ማዘጋጃ ቤት በማግስቱ ጠዋት ሠራተኛ ላከ። ሱዋቪ ለልምምድ ሲመጣ ሰውየው አጭር መሰላል ላይ ተንጠራርቶ ፊደሎቹን ሲፈታ አገኘው። የቀረችው የመጀመሪያዋ ቃል ብቻ ነበረች፤ ለእሷም እጁ አልደርስ ብሎት ሲታገል ሱዋቪን አየና አፈረ።

"ትእዛዝ ሆኖብኝ ነው ሆጃም" አለው።

"አውቃለሁ። ውረድ፣ እኔ እደርሳለሁ።"

ሠራተኛው ወረደና መሰላሉን ያዘለት። ሱዋቪ ወጣና "የሟቹ" የምትለዋን በእርጋታ ፈታ፤ አቧራዋን በእጅጌው ጠረገና ቁልቁል አቀበለው። ሠራተኛው ለማስታወሻ ይወስዷት እንደሆነ ጠየቀው።

"አይ፣ በደንብ አስቀምጣት" አለ ሱዋቪ እየወረደ። "ለሐጂ ሩሽዲ ታስፈልጋቸዋለች።"

ውስጥ ልጆቹ ኳስ ማንጠር ጀምረዋል። ሳፈት ቤይ ቡድኑን የመለሰለት እስከ እሁዱ ጨዋታ ብቻ ነው። ሱዋቪ ሆጃ ፊሽካውን አንገቱ ላይ አጠለቀና ቦራን ስለ ትናንቱ ጥፋት እየሰደበ ገባ።